ስኳሩ ከየት መጣ?

ከጓዳላሃራ ወደ ሰሜን ምዕራብ 60 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ የምትገኘውን የተኪላ ከተማ በአስጎብኚ መጎብኘት በሜክሲኮ ከተለመዱት የአንድ ቀን ጉዞዎች አንዱ ነው። ጠዋት በአውቶቡስ ወይም በባቡር ተነስቶ፣ የአጋቬ ማሳ አይቶ፣ ፋብሪካ ዞሮ፣ ቀምሶ፣ ምሳ በልቶ ማታ መመለስ ነው። ጉዞው የሚዘጋጀው ሰው ከአጋቬ ተክል የሚወጣውን፣ ተኪላ የተባለውን መጠጥ አሠራር እንዲያውቅ ነው ይባላል፤ ብዙው ጎብኚ ግን ተምሮ የሚመለሰው ስለ ቀለም፣ ስለ ሽታና ስለ ብርጭቆ አያያዝ ነው። በመጠጥ ጥራት ቁጥጥር ሥራ ላይ ለምንውል ሰዎች ይህ ነገሩን ከጫፉ መጀመር ነው። እኛ ዘንድ አንድ የአልኮል መጠጥ ሲቀርብ ከጣዕሙ በፊት የሚጠየቅ ጥያቄ አለ፤ ስኳሩ ከየት መጣ? እርሾ አልኮል የሚሠራው ከስኳር ነው፤ ከመቶ ግራም ስኳር የሚገኘው አልኮልም ቢበዛ ግማሽ ያህል እንጂ ከዚያ አያልፍም። ስለዚህ በጠርሙስ ውስጥ ያለው ሁሉ ወደ ኋላ ተቆጥሮ ምንጩ ሊደረስበት ይችላል። የተኪላ ጉብኝት ትምህርት የሚሆነው ጎብኚው ይህን አንድ ጥያቄ ከጠዋት እስከ ማታ ይዞ ሲዞር ነው ብዬ አምናለሁ።

ጥያቄው የሚጀምረው ከማሳው ነው። ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2006 በዓለም ቅርስነት የመዘገበው የተኪላ እሳተ ገሞራ ግርጌ በሰማያዊ አጋቬ የተሸፈነ ነው፤ ከሩቅ ሲያዩት ምድሩ ራሱ ሰማያዊ ይመስላል። ተክሉ ለእኛ ፈጽሞ ባዕድ አይደለም። በገጠር በየአጥሩ የምናውቀው፣ ገመድ የሚሠራበት ቃጫ የቅርብ ዘመዱ ነው፤ የትውልድ አገሩም ያው ሜክሲኮ ነው። እንሰት ያለማ ሰው ደግሞ የአጋቬን ጠባይ ሳይነገረው ያውቀዋል ማለት ይቻላል። ሁለቱም ለዓመታት ምግባቸውን በሆዳቸው ያከማቻሉ፤ ሁለቱም በዕድሜያቸው የሚያብቡት አንድ ጊዜ ነው፤ አበባው ከወጣ ክምችቱ ወደ አበባው ይሄድና ለባለቤቱ የሚተርፈው ጥቂት ይሆናል። ተኪላ በምትገኝበት በሃሊስኮ ግዛት ያለ ገበሬ ከአጋቬው መሐል የሚመዘዘውን የአበባ ግንድ ገና በለጋነቱ የሚቆርጠው ለዚህ ነው። ተክሉ ለቆረጣ እስኪደርስ በአብዛኛው ከስድስት እስከ ስምንት ዓመት ይፈጃል። ወይን በየዓመቱ ይለቀማል፣ ገብስ በየወቅቱ ይታጨዳል፤ አጋቬ ግን አንዴ ከተቆረጠ በቦታው አዲስ ችግኝ ተተክሎ እንደገና ዓመታት መጠበቅ ነው። በአንድ ጠርሙስ ውስጥ ያለው ስኳር የስንት ዓመት ፀሐይ እንደሆነ የሚገባው ከማሳው ዳር ቆሞ ነው።

ሂማዶር የሚባለው ቆራጭ ሲሠራ ቀርቦ ማየት ደግሞ ከቀኑ ሁሉ የማይዘለል ነው። መሣሪያው ኮዋ ይባላል፤ በረጅም የእንጨት እጀታ ጫፍ ላይ የተገጠመ፣ ክብ፣ እንደ ምላጭ የተሳለ ብረት ነው። ሰውየው ተክሉን በእግሩ ደገፍ አድርጎ እሾሃማ ቅጠሎቹን ከሥራቸው አንድ በአንድ እየመታ ይጥላል፤ ብረቱ ከእግሩ አጠገብ ነው የሚያርፈው። ቅጠሉ ሲያልቅ የሚቀረው ፒኛ ይባላል፤ በስፓኒሽ አናናስ ማለት ነው፣ መልኩም እንደ ስሙ ነው። ክብደቱ 30 ኪሎም 60 ኪሎም ይሆናል፤ ከዚያ የሚበልጥም አለ። እዚህ ላይ ዓይን ያለው ጎብኚ አንድ ነገር ልብ ይላል። አንዱ ሂማዶር ቅጠሉን ነጩ እስኪታይ ድረስ አጥብቆ ይልጠዋል፤ ሌላው አረንጓዴ ጉርድ ይተዋል። ስኳሩ ያለው ነጩ ውስጥ ነው፤ አረንጓዴው ክብደት ጨምሮ ምሬት ያመጣል። የመጠጡ ጥራት በፋብሪካ ቤተ ሙከራ ሳይሆን በዚህ ሰው እጅ መወሰን እንደሚጀምር ከዚህ የተሻለ ማስረጃ የለም።

ጥሬው ፒኛ ግን አይጣፍጥም፤ ጭማቂውም ቆዳ ያሳክካል። ውስጡ ያከማቸው ፍሩክታን የሚባል እርስ በርሱ የተሳሰረ የስኳር ሰንሰለት ስለሆነ ለእርሾ በቀላሉ አይበላም። ጠላ ጠማቂ ገብሱን አብቅላ ብቅል ሳታደርገው ጥሩ ጠላ እንደማታገኝ ሁሉ፣ ተኪላ ሠሪም ሰንሰለቱን መበጠስ አለበት፤ የሚበጥሰው በሙቀት ነው። በጥንታዊው መንገድ የተከፈለው ፒኛ በድንጋይ ምድጃ ተደርድሮ ከ24 እስከ 48 ሰዓት በእንፋሎት ይበስላል። ነጩ ሥጋ ቡናማ ሆኖ ይወጣል፤ አስጎብኚው ቆርሶ ሲሰጥ እንደ ሸንኮራ አገዳ ይታኘካል፣ ማር ማር የሚል ጭማቂው ይዋጣል፣ ቃጫው ይተፋል። አልኮል የማይጠጣ ሰው እንኳ የተኪላን ምንነት የሚያውቀው በዚህች ጉርሻ ነው። ሌሎች ፋብሪካዎች አውቶክሌቭ በተባለ ትልቅ የብረት ማብሰያ ከ8 እስከ 14 ሰዓት ባለ ጊዜ ይጨርሱታል። ሌሎች ደግሞ ዲፉዘር የሚባለውን ረጅም ማሽን ይጠቀማሉ፤ ጥሬውን ከትክተው በሙቅ ውሃ ያጥቡታል፣ ስኳሩንም ሳይበስል አውጥተው በኋላ በሙቀትና በአሲድ ይሰባብሩታል። ዲፉዘር ስኳር አያባክንም፤ ይህ እውነተኛ ጥቅም ነው። በምድጃ ውስጥ የሚፈጠረው ጣዕም ግን አብሮት አይመጣም። ጎብኚው ሁለት ቶን በሚመዝነው፣ ታኦና በተባለው ክብ የወፍጮ ድንጋይ ፊት ፎቶ ከመነሳቱ በፊት የሚጠይቀው ይህን መሆን ነበረበት፤ የትኛው ጠርሙስ የትኛው ምድጃ ውስጥ አለፈ?

የጥያቄያችን ልብ ያለው ግን ድፍድፉ የሚፈላበት ገንዳ ላይ ነው። የተኪላ ስም ከ1974 ጀምሮ በሕግ የተጠበቀ ነው፤ በአምስት ግዛቶች ውስጥ ከተዘረዘሩ 181 ወረዳዎች ውጭ የተሠራ መጠጥ ተኪላ ሊባል አይችልም። ይህን አስጎብኚ ሁሉ በኩራት ይናገራል። ሕጉ ስለ ስኳሩ የሚፈቅደውን ግን በዚያው ድምፅ የሚናገር ጥቂት ነው። ጠርሙሱ ላይ መቶ በመቶ አጋቬ የሚል ካልተጻፈ፣ ከፈላው ስኳር እስከ 49 በመቶው ከአጋቬ ውጭ ሊሆን ይችላል፤ ብዙ ጊዜ የሸንኮራ ስኳር ነው። ይህ ድንገት የመጣ አይደለም። ደንቡ በ1964 አጋቬው ወደ 70 በመቶ፣ በ1970 ደግሞ ወደ 51 በመቶ እንዲወርድ ፈቀደ፤ ገበያው ከተክሉ ዕድሜ ቀድሞ ሲሮጥ ክፍተቱን በርካሹ ስኳር መሙላት ተጀመረ። መቶ በመቶ አጋቬ የሆነው በዚያው ክልል ውስጥ መታሸግ ሲኖርበት፣ ሌላው በጅምላ ወጥቶ በውጭ አገር ሊታሸግ ይችላል። በ1994 የተቋቋመው የተኪላ ተቆጣጣሪ ምክር ቤት የአጋቬ ማሳዎችን የሚመዘግበውና ፋብሪካ የገባውን አጋቬ ከወጣው ተኪላ ጋር የሚያመሳክረው ለምን ይመስላችኋል? ምክር ቤቱም የሚከታተለው ያንኑ ስኳር ነው።

ከዚህ በኋላ ያለው ለእኛ አገር ሰው ቅርብ ስለሆነ ብዙ አያቆየንም። አረቄ አውጪዎቻችን ተራ አረቄና ዳግም አረቄ እንደሚሉት፣ ተኪላም ሁለት ጊዜ ይጣራል፤ የመጀመሪያው ኦርዲናሪዮ ይባላል፣ ሁለተኛው ተኪላ ነው። የሚወርደው በሦስት ይከፈላል፤ ራስ፣ ልብ፣ ጅራት። ቶሎ የሚተኑት ጎጂ ነገሮች የሚበዙበት ራሱ ይወገዳል፣ ልቡ ይጠበቃል። ከዚያ በርሜል አለ፤ ሁለት ወር የቆየው ሬፖሳዶ፣ አንድ ዓመት የቆየው አኜሆ፣ ሦስት ዓመት የቆየው ኤክስትራ አኜሆ ይባላል። ስኳር ግን በኋላ በር ተመልሶ ይገባል። ደንቡ ከክብደቱ ከአንድ በመቶ ባነሰ መጠን የካራሜል ቀለም፣ የባሉጥ እንጨት ጭማቂ፣ ግሊሰሪንና የስኳር ሽሮፕ መጨመር ይፈቅዳል፤ መጠኑ ከዚያ ካላለፈ በጠርሙሱ ላይ መጻፍ ግዴታ አይደለም። በቅምሻው ጠረጴዛ ላይ ለስላሳና ጣፋጭ የሆነውን ሁሉ የበርሜል ዕድሜ ነው ብሎ የሚያምን ጎብኚ ሊሳሳት የሚችለው እዚህ ላይ ነው።

በዚህ አስተያየት ላይ የሚነሱ ተቃውሞዎች አሉ፤ የሚናቁም አይደሉም። የመጀመሪያው፣ ስምንት ዓመት የሚያድግን ነገር በስምንት ሰዓት ማን ያውቀዋል የሚለው ነው። ማሳው ራሱ መልስ ይሰጣል። በሃሊስኮ መንገድ ዳር የጉልበት ያህል የሆነው፣ የወገብ ያህል የሆነውና ለቆረጣ የደረሰው ማሳ ጎን ለጎን ይታያል፤ ዓመታቱ በቦታ ተዘርግተው ቆመዋል፣ የሚጠብቁት የሚያሳያቸውን አስጎብኚ ብቻ ነው። ሁለተኛው ከበድ ይላል። ፋብሪካው የሚያሳየው ለእንግዳ ያዘጋጀውን ነው፤ ድንጋዩ ለዕይታ ይሽከረከራል፣ ዋናው ምርት ከሌላ ግቢ ይወጣል ይባላል። በብዙ ቦታ ይህ እውነት ሊሆን ይችላል። ነገር ግን የስኳሩ ጥያቄ ጥቅሙ የሚታየው ያኔ ነው፤ ጌጥ ያለው አዳራሽ ቁጥር ሲጠየቅ ራሱን ይገልጣል። ለእንግዳ ጥያቄ በመቶኛ የሚመልስና ወሬ የሚያስቀይር አስጎብኚ ይለያያሉ፤ ዝምታውም መረጃ ነው።

ሦስተኛው ተቃውሞ የሚመጣው ከጉዞ አዘጋጆች ነው፦ ሰው የመጣው ሊዝናና ነው፣ ለምን ታስጨንቁታላችሁ? ደስታ ከዕውቀት ጋር የሚጣላ ቢሆን ኖሮ ይህ ያስኬድ ነበር። አይጣላም። የታኘከውን ፒኛ ጣዕም በምላሱ የያዘ ሰው ከሰዓት በኋላ ብርጭቆ ሲያነሳ የበሰለውን አጋቬ ፈልጎ ያገኘዋል ወይም ያጣዋል፤ ሁለቱም ደስ የሚል ግኝት ነው። የሚያበላሸው ሌላ ነገር ነው፤ ገና ጉዞው ሲጀመር መጠጥ ማፍሰስ። ማሳው ጋ ሲደረስ ግማሹ እንግዳ ያየውን አያስታውስም። የቅምሻው ጠረጴዛ መጨረሻ ላይ መሆን አለበት፤ ይህን የምለው በጨዋነት ብቻ ሳይሆን በሙያ ሥርዓትም ነው፤ የሰከረ ምላስ አይመሰክርም። አንዳንዱ ደግሞ የሸንኮራ ስኳር መርዝ አይደለም ይላል፤ ልክ ነው። የተደባለቀውም ተኪላ ሕጋዊ ነው፣ ርካሽ መጠጥ የሚፈልግ ሰው ሊገዛው ይችላል። የእኔ ነጥብ ገዢው የሚገዛውን ይወቅ ነው።

ስኳሩን ተከትሎ የሄደ ሰው በመጨረሻ የሚደርሰው ገበሬው ዘንድ ነው። ምርቱ በ2023 ወደ 600 ሚሊዮን ሊትር ተጠግቷል፤ የሚበዛውም ወደ ውጭ፣ በተለይ ወደ አሜሪካ ይሄዳል። ይሁን እንጂ ከጥቂት ዓመታት በፊት በኪሎ 30 ፔሶ አካባቢ የደረሰው የአጋቬ ዋጋ በ2024 ወደ ጥቂት ፔሶ ወርዷል። ምክንያቱ ያው የተክሉ ዕድሜ ነው። ዋጋ ሲወደድ ሁሉም ይተክላል፤ የተተከለው ሁሉ ከስድስትና ከሰባት ዓመት በኋላ በአንድነት ይደርስና ገበያውን ያጥለቀልቀዋል። ከፋብሪካው ጀርባም የማይጎበኝ ነገር አለ፦ ለአንድ ሊትር ተኪላ በግምት 10 ሊትር የሚሆን፣ ቪናሳ የሚባል አሲዳማ ፍሳሽ ይወጣል፤ ሳይታከም ወንዝ ከገባ ውሃውን ያበላሻል። ፍሳሹ የት ይሄዳል ብሎ መጠየቅም የጉብኝቱ አካል መሆን አለበት።

እንግዲህ አንባቢዬ፣ አንድ ቀን ጓዳላሃራ የሚያደርስ መንገድ ቢገጥማችሁ፣ ለጉዞው ከመክፈላችሁ በፊት ማሳው ላይ ስንት ሰዓት እንደሚቆይ ጠይቁ፤ ከአንድ ሰዓት ካነሰ ሌላ ፈልጉ። ማታ ሱቁ ውስጥ ጠርሙስ ስታነሱ የፊቱን ጌጥ ትታችሁ ጽሑፉን አንብቡ። መቶ በመቶ አጋቬ የሚል መኖር አለመኖሩን እዩ፤ ቀጥሎ ኖም የሚለውን ቃልና ከጎኑ ያሉትን አራት አኃዞች ፈልጉ። ቁጥሩ የፋብሪካው መለያ ነው፤ ስማቸው የተለያየ ብዙ ጠርሙሶች አንድ ቁጥር ይጋራሉ።