ሐዳርን ያገኘው ፈረንሳዊ

ሳሊተ ምሕረት አካባቢ የሕንፃ መሠረት ሲቆፈር ቆም ብላችሁ ጉድጓዱን አይታችሁ ታውቃላችሁ? ከላይ ጥቁሩ መረሬ፣ ከሥሩ ቀለሙ የተለየ አፈር፣ ዝቅ ሲል አለት። እኛ "ሲኖትራኩ መንገድ ዘጋብን" ብለን እናማርራለን። ሞሪስ ታይብ ቢሆን ግን ጉድጓዱ ውስጥ ገብቶ ነበር የሚውለው።

ድንቅነሽ ስትነሳ ሁላችንም የምንጠራው አሜሪካዊውን ዶናልድ ጆሃንሰንን ነው። እውነት ነው፣ አጥንቷን ያገኘው እሱ ነው። ቦታውን፣ ሐዳርን፣ ለሳይንስ ያገኘው ግን ቱኒዚያ የተወለደው ፈረንሳዊ ታይብ ነው። የሥነ ምድር ሰው ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ አፋር የወረደውም የሰው አጥንት ሊፈልግ ሳይሆን የአዋሽን ሸለቆ አፈጣጠር ለዶክትሬቱ ሊያጠና ነው።

ሐዳር ላይ ጎርፍ ምድሩን ሸርሽሮ ሆዱን አውጥቶታል። መሶብ ውስጥ እንጀራ ሲደረደር መጀመሪያ የተጋገረው ከሥር አይደል? ደለልም እንደዚያው ነው። ደስ የሚለው ደግሞ በመሃል በመሃሉ የእሳተ ገሞራ አመድ መኖሩ ነው። አመዱ ውስጥ ካለው ፖታሲየም ጥቂቱ እጅግ በዝግታ አርጎን ወደሚባል ጋዝ ይለወጣል፤ የተጠራቀመውን ጋዝ የለካ የአመዱን ዕድሜ ያውቃል። ድንቅነሽን "3.2 ሚሊዮን ዓመቷ ነው" የምንለው በአጥንቷ ሳይሆን በዚህ አመድ ነው!

ታይብ ያየውን ይዞ ዝም አላለም። እ.ኤ.አ. በ1972 ከጆሃንሰን፣ ከአገሩ ልጅ ከኢቭ ኮፐንስና ከሌሎች ጋር የአፋር የጥናት ቡድን አቋቋመ። ድንቅነሽ የተገኘችው ኅዳር 15 ቀን 1967 ዓ.ም.፣ እሑድ ዕለት ነው። ቀኑን ልብ በሉ፤ ደርግ 60 ሰዎችን በረሸነ ማግስት። አዲስ አበባ በዚያ ድንጋጤ ላይ እያለች በረሃ ውስጥ የአንዲት ሴት አጽም 40 በመቶ ያህሉ እየተለቀመ ነበር። በኋላ ዝርያዋ በአፋር ስም "አፋሬንሲስ" ሲባል ኮፐንስ ከሰያሚዎቹ አንዱ ሆነ። ታይብ እ.ኤ.አ. በ2021 ዐረፈ፤ ኮፐንስም በዓመቱ ተከተለው።

በሚቀጥለው የዕረፍት ቀን ከመገናኛ የአራት ኪሎ ታክሲ ያዙና ብሔራዊ ሙዚየም ግቡ። መስታወቱ ውስጥ የምታዩት የድንቅነሽን አጥንት ቅጂ ነው፤ ዋናው አጥንት የሚቀመጠው ተቆልፎበት ነው።