ኃይሌ ገሪማ

ኃይሌ ገሪማ (የካቲት 25 ቀን 1938 ዓ.ም. ጎንደር ተወለዱ) ኢትዮጵያዊ የፊልም ደራሲ፣ አዘጋጅና መምህር ናቸው። በይበልጥ የሚታወቁት በአዘጋጅነታቸው ቢሆንም የፊልሞቻቸውን ድርሰት የሚጽፉት ራሳቸው ናቸው።

አስተዳደግ

አባታቸው ገሪማ ታፈረ ስለ ጎንደር አርበኞች የሚናገረውን «ጎንደሬ በጋሻው» የተባለውን መጽሐፍ የጻፉ ጸሐፌ ተውኔት ሲሆኑ፣ በየአገሩ እየተዘዋወሩ ቴአትር ያሳዩ ነበር። ኃይሌም በልጅነታቸው በአባታቸው ቴአትር ተሳትፈዋል። ተረትና ታሪክን ከአያታቸው እሳት ዳር ሰምተዋል። በሌላ በኩል የከተማው ልጆች የታርዛንን ፊልም ሲያዩ ለታርዛን ወግነው፣ አፍሪካውያን ከኋላው ሲመጡበት እየጮኹ ያስጠነቅቁት እንደነበር ኋላ ተናግረዋል። ከዚያ በኋላ የጻፉት ሁሉ ለዚህ ትዝታ እንደ መልስ ሊታይ ይችላል።

የፊልም ሥራ

በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ.፤ ከዚህ በታች ያሉትም ዓመታት እንዲሁ ናቸው) ወደ አሜሪካ ሄደው መጀመሪያ ቺካጎ ቴአትር፣ ቀጥሎም በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሎስ አንጀለስ ፊልም ተማሩ።

«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» (1976) ገና ተማሪ ሳሉ የሠሩት በአማርኛ የሚናገር ጥቁርና ነጭ ፊልም ነው። የተቀረጸው በ1974 በዕረፍት ጊዜያቸው፣ የንጉሡ መንግሥት በሚወድቅበት ወቅት ነበር። ታሪኩ በባለርስት ሥር የሚኖር የገበሬ ቤተሰብን ኑሮ ይተርካል።

«ሳንኮፋ» (1993) አንዲት ዘመናዊ ጥቁር አሜሪካዊት ወደ ባርነት ዘመን የምትመለስበት ታሪክ ነው። በበርሊን የፊልም ፌስቲቫል ለውድድር ቢቀርብም የአሜሪካ አከፋፋዮች አልወሰዱትም። ስለዚህ ኃይሌና ባለቤታቸው ሺሪክያና አይና ሲኒማ ቤት ራሳቸው እየተከራዩ ከከተማ ከተማ አሳዩት፤ ተመልካቹም ጎረፈ።

ጤዛ

ገንዘብ በማፈላለግ ከ10 ዓመት በላይ የፈጀው «ጤዛ» በጀርመን ተምሮ በጣና ሐይቅ አካባቢ ወዳለው መንደሩ የሚመለሰውን የአንበርብርን ሕይወት ይተርካል። ታሪኩ በቅደም ተከተል አይሄድም፤ የደርግ ዘመንና የጀርመን ኑሮ በአንበርብር ትዝታ እየተቆራረጡ ይመጣሉ። በጥሞና ለማያይ ተመልካች ይህ ሊያደናግር ይችላል፤ ነገር ግን በ2008 በቬኒስ ፌስቲቫል ከዳኞች ልዩ ሽልማት ጋር የምርጥ ድርሰት ሽልማትን ያገኘው ይኸው አጻጻፍ ነው። በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ በሚካሄደው ፌስፓኮ የወርቅ የኔንጋ ፈረስ ተሸለመ።

ማስተማር

ከ1975 ጀምረው በዋሽንግተን ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለአሥርት ዓመታት ፊልም አስተምረዋል። ከባለቤታቸው ጋር ያቋቋሙት «ሳንኮፋ» የመጻሕፍትና የቪዲዮ መደብርም የሚገኘው ከዩኒቨርሲቲው አጠገብ ነው።