የዐለት እጥፋትና ስብራት፣ የአባይ ተፋሰስም የነዳጅ ተስፋ

ከአምበር ተነሥቶ በሉማሜ በኩል ወደ ደጀን የሚጓዝ ሰው በግራም በቀኝም የሚያየው የጎጃምን ሜዳማ ደጋ ነው። ከላይ ጥቁር አፈር፣ ከአፈሩ ሥር ደግሞ ባዛልት ተነጥፏል። ይህ ባዛልት ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት በስንጥቆች በኩል ከምድር ውስጥ እየፈሰሰ የሰሜን ምዕራብ ኢትዮጵያን ደጋ ያለበሰ የእሳተ ገሞራ ዐለት ሲሆን፣ የጮቄ ተራራም ከ22 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት በዚሁ ላይ የተከመረ ነው። በዚህ ወፍራም ሽፋን ምክንያት የአምበር ነዋሪ ከእግሩ በታች ያለውን ጥንታዊ ዐለት የሚያይበት ዕድል የለውም። ደጀንን አልፎ ወደ አባይ ሲወርድ ግን ምድሪቱ ራሷ ተከፍታ ትጠብቀዋለች።

ቁልቁለቱን የሚወርድ መንገደኛ በመጀመሪያ ባዛልቱን ያልፋል። ከዚያ በኋላ የሚከተሉት ዐለቶች ዳይኖሰሮች በነበሩበት በሜሶዞይክ ዘመን የተነጠፉ ንጣፎች ናቸው። በአባይ ሸለቆ በተደረጉ ጥናቶች መሠረት የላይኛው አሸዋ ድንጋይ እስከ 280 ሜትር፣ ከሥሩ ያለው የኖራ ድንጋይ እስከ 400 ሜትር ይደርሳል። ቀጥሎ ባሕሩ ደርቆ የተወው ጂፕሰም ይመጣል፤ ከጂፕሰሙም በታች 450 ሜትር ገደማ የሚሆን የታችኛው የኖራ ድንጋይ አለ። ከሁሉም በታች ወንዞች ያነጠፉት፣ 300 ሜትር ገደማ ውፍረት ያለው የአዲግራት አሸዋ ድንጋይ ይገኛል። ንጣፎቹ በአንድነት ወደ 1,400 ሜትር ይጠጋሉ። ለነዳጅ ሥነ ምድር ተማሪ ከዚህ የተሻለ የመማሪያ ግድግዳ በአገራችን ማግኘት አስቸጋሪ ነው።

ግድግዳው ዐይን የሚስብበት ሌላም ምክንያት አለ። በኦጋዴን ተፋሰስ ይኸው የአዲግራት አሸዋ ድንጋይ በጥልቅ ተቀብሮ ይገኛል። ቴኔኮ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ1973 ካሉብ ላይ ባስቆፈረው ጉድጓድ የተፈጥሮ ጋዝ ያገኘ ሲሆን፣ ጋዙን ከያዙት ዐለቶች አንዱ ይህ አሸዋ ድንጋይ ነው። ከብዙ መጓተት በኋላ የካሉብ ጋዝ ማምረቻ የመጀመሪያው ምዕራፍ እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2025 ተመርቋል። ከጎጃም ማዶ በደቡብ ወሎ፣ በወረ ኢሉ አካባቢ ደግሞ ነዳጅ ዘይት ቆፋሪ ሳያስፈልገው በራሱ ጊዜ ከመሬት ይወጣል። የወረ ኢሉ ወሬ በተነሣ ቁጥር “እንግዲህ ሀብታም ልንሆን ነው” ሲባል ይሰማል። የሥነ ምድር ባለሙያ ግን ይህን ወሬ ሲሰማ በአንድ ዐይኑ ይስቃል፣ በሌላው ያዝናል። ምክንያቱን ለመረዳት ዐለት ሲታጠፍና ሲሰበር በውስጡ ያለው ፈሳሽ ምን እንደሚሆን ማወቅ ያስፈልጋል።

ጎተራውና ክዳኑ

ብዙ ሰው ነዳጅ ዘይት በምድር ውስጥ እንደ ሐይቅ ተንጣሎ የሚገኝ ይመስለዋል። እውነታው እንዲህ አይደለም። ዘይቱና ጋዙ የሚገኙት በአሸዋ ቅንጣቶች መካከል በሚገኙ፣ በዐይን በማይታዩ ቀዳዳዎች ውስጥ ነው። በጥሩ አሸዋ ድንጋይ ውስጥ እነዚህ ቀዳዳዎች ከዐለቱ ጠቅላላ ይዘት ከ10 እስከ 25 በመቶ ይሆናሉ። ዘይቱን የሚያበስለው በሕያዋን ቅሪት የበለጸገ ምንጭ ዐለት ነው፤ የሚያጠራቅመው ቀዳዳማው ጎተራ ዐለት ነው፤ እንዳይወጣ የሚከለክለው ደግሞ ቀዳዳዎቹ እጅግ የጠበቡ ክዳን ዐለት ነው። ጂፕሰምና የጭቃ ድንጋይ ለክዳንነት የታወቁ ናቸው።

ይሁንና ሦስቱ ተደራርበው መገኘታቸው ብቻ አይበቃም። ዘይትና ጋዝ ከውሃ የቀለሉ በመሆናቸው በውሃ በተሞላው ዐለት ውስጥ ዘወትር ወደ ላይ ይገፋሉ። ክዳኑ ጠፍጣፋና በአንድ በኩል ያዘነበለ ከሆነ በሥሩ እየተንሸራተቱ ሄደው በጠርዙ በኩል ያመልጣሉ። ክዳኑ ወደ ላይ ከጎበጠ ግን እንደ አክንባሎ ይሆናል። በምጣድ ላይ የተደፋ አክንባሎ እንፋሎቱን ሰብስቦ እንደሚይዝ ሁሉ፣ ወደ ላይ የታጠፈ የዐለት ንጣፍም ጋዙን ከጉብታው ሥር፣ ዘይቱን ከጋዙ በታች፣ ውሃውን ከሁሉም በታች አድርጎ ይይዛል። ክምችቱ ከአክንባሎው ከንፈር በታች ሲደርስ ትርፉ ፈስሶ ወደሚቀጥለው ጉብታ ይሄዳል። እንግዲህ እጥፋት ሲባል በዋናነት ለነዳጅ ፍለጋ የሚጠቅመው ይህ ጉብ እጥፋት ነው።

ክዳኑ የሚሸከመው ግፊት ቀላል አይደለም። የጋዙ ክምችት ቁመት 100 ሜትር ቢሆንና በውሃውና በጋዙ መካከል ያለው የእፍጋት ልዩነት በሜትር ኩብ 850 ኪሎ ግራም ቢሆን፣ ጋዙ ክዳኑን የሚገፋበት ትርፍ ግፊት ወደ 8 ባር ይጠጋል፤ ይህም ከአንድ የቤት መኪና ጎማ ግፊት ከሦስት እጥፍ በላይ ነው። ይህ ግፊት በክዳኑ ላይ ደካማ ቦታ ይፈልጋል።

ስንጥቅ ሰጪም ነጣቂም ነው

ዐለት ሲታጠፍ የላይኛው ገጽ ይለጠጣል፤ ዐለት ደግሞ መለጠጥን አይወድም፣ ይሰነጠቃል። ከዚህ የተነሣ እጥፋትና ስንጥቅ ብዙውን ጊዜ ተያይዘው ይገኛሉ። ስንጥቁ ግራና ቀኙ ዐለት አንዱ ከሌላው ሳይንሸራተት ክፍት ብቻ የሆነበት ነው፤ ስብራት የምንለው ግን አንዱ ወገን ከሌላው ዝቅ ወይም ከፍ ብሎ የተንሸራተተበትን ነው።

ስንጥቆች ከዐለቱ ይዘት የሚይዙት ድርሻ ብዙውን ጊዜ ከ1 በመቶ በታች ነው። ፈሳሽ በማሳለፍ ረገድ ያላቸው ኃይል ግን እጅግ ከፍተኛ ነው። በጠባብ ስንጥቅ ውስጥ የሚያልፈው ፈሳሽ መጠን ከስንጥቁ ስፋት ኩብ ጋር የተመጣጠነ ነው። 0.1 ሚሊ ሜትር የነበረው ስንጥቅ 0.2 ሚሊ ሜትር ቢሆን ፍሰቱ በ8 እጥፍ፣ 1 ሚሊ ሜትር ቢደርስ ደግሞ በ1,000 እጥፍ ይጨምራል። ስለሆነም ስንጥቁ በጎተራው ውስጥ ሲሆን በረከት ነው፤ በክዳኑ ውስጥ ሲሆን ደግሞ ሌባ ነው። የነዳጅ ሥነ ምድር ችግር ሁሉ፣ በእኔ አስተያየት፣ አንዱን ያለ ሌላው ማግኘት ነው።

ኢራን ውስጥ ያሉት የዛግሮስ ተራሮች ይህን በሚገባ ያሳያሉ። የአረቢያ ምድር ሰሌዳ ከእስያ ጋር ሲጋጭ የዐለቱ ንጣፎች እንደ ተሰበሰበ ምንጣፍ ተጣጥፈዋል። የአስማሪ የኖራ ድንጋይ በራሱ ዘይት የማሳለፍ ኃይሉ ደካማ ቢሆንም፣ በእጥፋቱ ጊዜ በመሰነጣጠቁ ዘይቱን አትረፍርፎ የሚሰጥ ሆኗል። ከላዩ ያለው ክዳን ደግሞ ጂፕሰምና ጨው የበዛበት ነው። እነዚህ ዐለቶች በግፊት ሥር ከመሰበር ይልቅ እንደ ሊጥ መለመጥ ይቀናቸዋል። እ.ኤ.አ. በ1908 በመካከለኛው ምሥራቅ የመጀመሪያው ትልቅ የነዳጅ ክምችት በመስጂድ ሱለይማን የተገኘው በዚህ ዐለት ውስጥ ነው። ልብ ሊባል የሚገባው ቆፋሪዎቹን ወደዚያ የሳባቸው ከመሬት የሚወጣው ዘይት መሆኑ ነው። ክዳኑ እዚህም እዚያም ያፈስ ነበር፤ ጎተራው ግን አልተራቆተም። በኢራቅ ኪርኩክ አጠገብ ባባ ጉርጉር በሚባለው ስፍራም ከምድር የሚወጣ ጋዝ ከጥንት ጀምሮ ሲነድ የኖረ ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በ1927 እዚያው ሲቆፈር ዘይት ገንፍሎ ወጥቷል። ስለዚህ የወረ ኢሉ ዘይት ማፍሰሱ ብቻውን ተስፋ የሚያስቆርጥ አይደለም።

ስብራትም ሁልጊዜ አያፈስም። ሁለቱ ወገኖች ሲፋተጉ መካከል ላይ የሚቀረው የላመ ዱቄት፣ እንዲሁም በስብራቱ ገጽ ላይ ተጎትቶ የሚለጠፈው የጭቃ ድንጋይ መንገዱን ሊደፍነው ይችላል። አረቄ የሚያወጡ እናቶች እንስራውና መቃው የሚጋጠሙበትን ቦታ በጭቃ የሚመርጉት እንፋሎቱ እንዳያመልጥ ነው፤ ምድርም አንዳንድ ስብራቷን እንዲሁ ትመርገዋለች። አሸዋ ድንጋዩ ከስብራቱ ማዶ ከጭቃ ድንጋይ ጋር ከተገጣጠመ ወጥመድ ይሆናል፤ ከሌላ አሸዋ ድንጋይ ጋር ከተገጣጠመና ምርጉ ከሳሳ ግን ዘይቱ ያልፋል። የተመረገ ስብራት ምድር ስትንቀጠቀጥ እንደገና ሊከፈትም ይችላል።

የአባይ ተፋሰስ ታሪክ ቅደም ተከተል

ከዛግሮስ ወደ ጎጃም ስንመለስ ነገሩ ይገለበጣል። ከእኛ ዘንድ ፊቱን አዙሮ የሚርቀውና ቀይ ባሕርንና አፋርን እየከፈተ ያለው የአረቢያ ሰሌዳ፣ ከወዲያ በኩል ዛግሮስን የሚገፋው ያው ሰሌዳ ነው። እዚያ ምድር ይጨመቃል፤ እዚህ ይለጠጣል። በአገራችን ደጋ ላይ ታላላቅ እጥፋት ብዙም የማይታየው ስለዚህ ነው። ያሉት ጉብታዎች በአመዛኙ ለስላሳ ናቸው፤ ከሥር ያለው መሠረተ ዐለት ተሰብሮ ከፊሉ ከፍ፣ ከፊሉ ዝቅ ሲል ከላይ ያሉት ንጣፎች እንደ ነጠላ ተሸፍነውበት የተፈጠሩ ናቸው።

የአባይ ተፋሰስ ከአንድ ጊዜ በላይ ተሰብሯል። በመጀመሪያ፣ ጎንድዋና የተባለው ጥንታዊ አህጉር ሲለያይ፣ ተፋሰሱ ወደ ሰሜን ምዕራብ የሚያመራ ስምጥ ሆኖ ተከፈተ፤ አሸዋውና ኖራውም በዚያ ውስጥ ተነጠፈ። ባዛልቱ ከፈሰሰ ከረጅም ጊዜ በኋላ፣ በሚዮሲን ዘመን ማብቂያ፣ ከዋናው የኢትዮጵያ ስምጥ ሸለቆ ጋር የተያያዙ ወደ ሰሜን ምሥራቅ የሚያመሩ ስብራቶች ባዛልቱንም የንጣፎቹንም የላይኛ ክፍል ቆረጡ። ከዚያም በቅርቡ፣ በኳተርነሪ ዘመን፣ በሌሎች አቅጣጫዎች የሚሄዱ ስብራቶች ተጨመሩ።

እዚህ ላይ ወሳኙ ጥያቄ የጊዜ ቅደም ተከተል ነው። የመጀመሪያዎቹ ስብራቶች ዘይቱ ከመብሰሉ በፊት የነበሩ ስለሆኑ ጉብታና ወጥመድ ሊያዘጋጁ ይችላሉ። የኋለኞቹ ግን ዘይቱ ከተጠራቀመ በኋላ ከመጡ ክዳኑን የሚሰብሩ ናቸው። በመካከል ያለው የባዛልት ሽፋን በበኩሉ በክብደቱ ንጣፎቹን ወደ ጥልቀት በመጫን፣ በሙቀቱም ምንጭ ዐለቱን በማብሰል ሁለት ነገር ያደርጋል፤ ሙቀቱ ከበዛ ደግሞ ዘይቱ ወደ ጋዝ ይለወጣል።

በዚህ ላይ አባይ ራሱ አለ። ወንዙ ደጋውን መቁረጥ የጀመረው ከ29 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ወዲህ ሲሆን፣ ቁፋሮው ከ10 ሚሊዮን ዓመት ወዲህ እየበረታ፣ ከ6 ሚሊዮን ዓመት ወዲህ ደግሞ እጅግ ፈጣን ሆኗል። ዛሬ በደጀንና በጎሃ ጽዮን መካከል ሸለቆው ከአንድ ኪሎ ሜትር በላይ ይጠልቃል። ይህን ያህል ዐለት ከላይ ሲነሣ ከሥር ያለው ሸክሙ ስለሚቀልለት ይነፋል፤ ተዘግተው የነበሩ ስንጥቆችም ይከፈታሉ። ከዚህም በላይ ሸለቆው ጎተራውን ራሱን ቆርጦ አየር ላይ አውጥቶታል። በግድግዳው ላይ የምናደንቀው አሸዋ ድንጋይ ዘይት ይዞ ከነበረ ከሸለቆው አፋፍ አጠገብ ያለው ክፍል ወንዙ ደርሶ ሲቆርጠው ፈስሷል ማለት ነው። ተስፋ የሚደረግበት ቦታ ከሸለቆው ርቆ፣ በባዛልቱ ሥር፣ ጂፕሰሙ ያልተቆራረጠበት ነው።

ወረ ኢሉም ያለው በእሳተ ገሞራ ዐለት በተሸፈነው ደጋ ላይ ነው። ዘይቱ ከሥር ካሉት ንጣፎች የመጣ ከሆነ ወደ ላይ የሚያደርሰው መንገድ ስብራት ወይም ስንጥቅ መሆን አለበት። የሚነግረን ነገር ሁለት ነው፦ በዚህ ተፋሰስ ዘይት በስሏል፤ ቢያንስ በአንድ ቦታም ክዳኑ ተሰንጥቋል። ከጎተራው የቀረው ምን ያህል እንደሆነ ግን ከላይ በሚንጠባጠበው መጠን አይለካም፤ ቀጭን ስንጥቅ ካለው ሙሉ ጎተራም፣ ሊያልቅ ከተቃረበ ባዶ ጎተራም እኩል ሊንጠባጠብ ይችላልና።

ከባዛልቱ ሥር ማየት

በሌሎች አገሮች እጥፋትን የሚፈልጉት ድምፅ መሰል ሞገድ ወደ ምድር ልከው በሚመለሰው ማሚቶ ነው። ባዛልት ግን ለዚህ ዘዴ ክፉ ጠላት ነው፤ ደራርቦ የፈሰሰ፣ እዚህ ጠንካራ እዚያ ቀዳዳማ የሆነ ዐለት በመሆኑ ሞገዱን ይበታትነዋል። በመሆኑም የስበት ልኬት፣ እንዲሁም የምድርን የኤሌክትሪክ አስተላላፊነት የሚለካው የማግኔቶቴሉሪክ ዘዴ ተደግፈው ይሠራሉ። ጨዋማ ውሃ የያዘ ንጣፍ ከባዛልቱ በተሻለ ኤሌክትሪክ ስለሚያስተላልፍ በሁለተኛው ዘዴ ሊለይ ይችላል።

ይሁን እንጂ መሣሪያዎቹ ቀጫጭን ስንጥቆችን አያሳዩም። እነዚህን የምናገኘው ከሸለቆው ግድግዳ ነው፦ ስንጥቆቹ ወደየት ያመራሉ? በምን ያህል ርቀት ይደጋገማሉ? በጂፕሰሙ ውስጥ ሲደርሱ ይቆማሉ ወይስ ዘልቀው ያልፋሉ? ክፍት ናቸው ወይስ በነጭ ካልሳይት ተሞልተዋል? በካልሳይት የተሞላ ስንጥቅ በአንድ ወቅት ፈሳሽ አልፎበት ኋላ የተዘጋ በር ነው፤ ጥቁር የሬንጅ ቅሪት ያለበት ቢገኝ ደግሞ ያለፈው ምን እንደነበር ይመሰክራል። ለዚህ ሥራ መዶሻ፣ የሥነ ምድር ኮምፓስ፣ ሜትርና ማስታወሻ ደብተር ይበቃሉ። ሆኖም ይኸው የተሰነጣጠቀ ዐለት ውሃ ሲጠግብ የመንገዱን ዳር ይዞ የሚንሸራተት ስለሆነ ልኬቱን ከክረምት በኋላ፣ ከኅዳር እስከ የካቲት ባለው ጊዜ ማካሄድ ይመረጣል።