«ድፍረት»፦ በቀል ወይስ ራስን መከላከል?

የተደፈረች ሴት መሣሪያ አንሥታ የምትበቀልባቸው ፊልሞች በውጭው ዓለም ራሱን የቻለ ዘርፍ ሆነዋል። ከእነዚህ አንዱ እ.ኤ.አ. በ1981 ለዕይታ የበቃው፣ በአነስተኛ በጀት የተሠራው የአቤል ፌራራ «ሚስ ፎርቲ ፋይቭ» ነው። ባለታሪኳ መናገር የማትችል የኒውዮርክ ልብስ ሰፊ ስትሆን፣ በአንድ ቀን ሁለት ጊዜ ከተደፈረች በኋላ ሽጉጥ ይዛ ወንዶችን መግደል ትጀምራለች። ወደ ፖሊስም ሆነ ወደ ፍርድ ቤት አትሄድም።

በ2006 ዓ.ም. በሰንዳንስ ፌስቲቫል የተመልካች ሽልማት ያገኘው የዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ «ድፍረት» አጀማመሩ ከዚሁ ጋር ይመሳሰላል። የ14 ዓመቷ ሂሩት ከትምህርት ቤት ስትመለስ በፈረሰኞች ትጠለፋለች፤ ትደፈራለች፤ ልታመልጥ ስትሞክርም በያዘችው ጠመንጃ ጠላፊዋን ትገድላለች። ታሪኩ የተወሰደው በ1980ዎቹ መጨረሻ በአርሲ በአበራሽ በቀለ ላይ ከደረሰው እውነተኛ ድርጊት ነው። ይሁን እንጂ ይህ ፊልም ከተኩሱ በኋላ የሚሄደው ወደ ሌላ ግድያ ሳይሆን ወደ ችሎት ነው።

በችሎቱ ክርክሩ ከባድ የነበረው ያለ ምክንያት አይደለም። ጠለፋ በአካባቢው እንደ አንድ የጋብቻ መንገድ ይታይ ነበር። በ1949 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግም ጠላፊው የጠለፋትን ካገባ ከክስ ነፃ ያደርገው ነበር። ስለዚህ በመንደሩ ዓይን ሟቹ ወንጀለኛ ሳይሆን «ባል» ነበር። የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበርና ጠበቃዋ መዓዛ አሸናፊ የተከራከሩት ግን ልጅቷ የገደለችው ራሷን ለመከላከል ነው በማለት ነው። በቀል ላለፈ በደል የሚከፈል ሲሆን፣ መከላከል ገና ያላበቃን አደጋ ማስቆም ነው። ፍርድ ቤቱም ይህንን ተቀብሎ በነፃ አሰናበታት።

በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 587 ጠለፋን ከ3 እስከ 10 ዓመት በሚደርስ ጽኑ እስራት የሚቀጣ ሲሆን፣ ጋብቻ መፈጸሙም ጠላፊውን ከተጠያቂነት አያድነውም።

ኮንና ላሊበላ በሚገኙበት በአማራ ክልል ይበልጥ የሚታወቀው ችግር ያለ ዕድሜ ጋብቻ ነው። ይህም በአንቀጽ 648 ያስቀጣል። ነገር ግን እዚህ ልጅቷን የሚሰጧት ወላጆቿ ናቸው፤ ሊከሱላት የሚገባቸውም እነሱው ናቸው። መምህሯ ወይም ጎረቤቷ ካልተናገረላት ጉዳዩ ችሎት አይደርስም።

«ድፍረት» የሚለው ቃል ጀግንነትንም መደፈርንም ያመለክታል። ሕጉ ከተሻሻለ በኋላም ለመናገር የሚያስፈልገው የመጀመሪያው ነው።