ቤት ጠባቂ ዓሦች

ድሬዳዋ፣ ከዚራ ሰፈር ውስጥ የመስታወት የዓሣ ገንዳ ያለው ሰው ለቁልቢ ገብርኤልም ሆነ ለአዲስ አበባ ጉዳይ ሻንጣ ሲያነሣ፣ ጎረቤት የሚጠይቀው አንድ ነገር ነው፤ «ዓሦቹን ማን ያበላልሃል?» ጥያቄው የደግነት ነው፣ ግን ዋናውን ስቷል። ባለቤቱ በሌለበት ቤት ዓሣ በረሃብ የሚሞተው ከስንት አንዴ ነው። የሚገድለው የተትረፈረፈ ምግብ፣ ሙቀትና የመብራት መጥፋት ነው። ድሬዳዋ ላይ ደግሞ ሦስቱ ተያይዘው ይመጣሉ።

ረሃቡን አስቀድመን እንገላገለው። እኛም ሆንን ድመቷ ከምንበላው ብዙውን የምናቃጥለው ሰውነታችንን ለማሞቅ ነው። ዓሣ ይህ ወጪ የለበትም፤ የሰውነቱ ሙቀት የውሃው ሙቀት ነው። ስለዚህ ያደገና ጤነኛ የሆነ ጉፒ፣ ሞሊ ወይም ወርቃማ ዓሣ አንድ ሳምንት ምንም ሳይቀርብለት ቢቆይ አይጎዳም፤ መስታወቱና ተክሉ ላይ የበቀለውን አልጌ እየለቃቀመ ይቆያል። ሁለት ሳምንት ይችላል የሚሉም አሉ፤ ያ ግን የቀዝቃዛ አገር ስሌት ነው። ውሃው በ10 ዲግሪ ሲሞቅ የዓሣው ሰውነት ምግብና አየር የሚጨርስበት ፍጥነት በግምት እጥፍ ይሆናል። በግንቦት ድሬዳዋ ላይ ያለን ዓሣ ከሳምንት በላይ ባላስጾመው እመርጣለሁ። ገና የተወለዱ ጫጩቶችና የታመሙ ዓሦች ከዚህ ሒሳብ ውጪ ናቸው፤ ጫጩት በቀን ደጋግሞ መብላት አለበት። ለቀረው ግን የሦስት ቀን የቁልቢ ጉዞ ቀላል ጾም ነው፣ ማንንም ማስቸገር አያስፈልግም።

ምግብ እንዴት ገዳይ እንደሚሆን ለመረዳት ገንዳው ውስጥ ከዓሦቹ ሌላ ማን እንደሚኖር ማወቅ ይጠቅማል። ዓሣ በስንጥቡ በኩል አሞኒያ ያስወጣል። የተረፈ ምግብም ሲበሰብስ አሞኒያ ይሆናል። አሞኒያ ለዓሣ መርዝ ነው። በፊልተሩ ስፖንጅና በጠጠሩ ላይ ተጣብቀው የሚኖሩ ባክቴሪያዎች አሞኒያውን መጀመሪያ ወደ ናይትራይት፣ ቀጥሎ ጉዳቱ እጅግ ወደሚያንሰው ናይትሬት ይለውጡታል። ናይትሬቱን ባለቤቱ ውሃ ሲቀይር ያስወግደዋል። ገንዳውን ገንዳ ያደረጉት እነዚህ የማይታዩ ነዋሪዎች ናቸው፤ ቁጥራቸው የሚወሰነው በየቀኑ በሚያገኙት አሞኒያ ልክ ነው። ዛሬ በድንገት አምስት እጥፍ ምግብ ቢጨመር፣ ባክቴሪያው ተራብቶ እስኪደርስ ቀናት ይፈልጋል። ዓሦቹ በእነዚያ ቀናት መካከል ያልቃሉ።

እዚህ ላይ የድሬዳዋ ውሃ የራሱ ጠባይ አለው። ከተማዋ የምትጠጣው የከርሰ ምድር ውሃ ነው፤ አካባቢው የኖራ ድንጋይ አገር ስለሆነም (የሲሚንቶ ፋብሪካዎቹ እዚህ የተተከሉት ያለ ምክንያት አይደለም) ውሃው ካልሲየም የበዛበት ከባድ ውሃ ነው። ማንቆርቆሪያ ታች የሚጋገረውን ነጭ ቅርፊት የማያውቅ የድሬ ሰው የለም። ከባድ ውሃ ብዙውን ጊዜ ፒኤቹም ከፍ ይላል። ፒኤች ከ7 ወደ 8 ሲወጣ ደግሞ ከአሞኒያው ውስጥ መርዛማ የሆነው ድርሻ ወደ አሥር እጥፍ ገደማ ያድጋል፤ ሙቀት ሲጨመርበት ይብሳል። የለገዳዲና የገፈርሳ ግድቦች ለስላሳ ውሃ በሚደርሰው የአዲስ አበባ ቤት ይቅር የሚባል የምግብ ትርፍ፣ ከዚራ ላይ ይቅር አይባልም ማለት ነው።

ይህ ውሃ ወዳጅም አለው። ጉፒ፣ ሞሊና ፕላቲ፣ እንዲሁም ከማላዊና ከታንጋኒካ ሐይቆች የመጡት ባለቀለም ሲክሊዶች ከባድ ውሃ ይስማማቸዋል። የአማዞን ልጅ የሆነውን ኒዮን ቴትራ ድሬዳዋ ላይ ከማሠቃየት እነዚህን መያዝ ይሻላል። በተለይ ቤቱን ዘግቶ የሚሄድ ሰው ለውሃው ባዕድ ያልሆነ ዓሣ ቢኖረው ግማሽ ሥራው አለቀለት።

አሁን ወደ ቁልፍ ተረካቢው እንምጣ። የጎረቤት ልጅ ወይም ዘበኛ አደራውን ተቀብሎ በሦስተኛው ቀን ስልክ ይደውላል፤ «አቦ ጋሼ፣ እነዚህ ነገሮች ራባቸው እኮ! ገና ስገባ ሁሉም ወደ መስታወቱ ይሮጣሉ። ጨምሬላቸዋለሁ።» ዓሦቹ የሚሮጡት ግን ስለራባቸው ላይሆን ይችላል። ሰው በቀረበ ቁጥር ምግብ እንደሚወርድ ተምረዋል፤ ጠግበውም ይሮጣሉ። ልጁን መውቀስ አይገባም፤ እንግዳ ሲመጣ «ብላ እንጂ» እየተባለ ባደገበት አገር ምግብ መቆጠብ እንደ ጭካኔ ይታያል። ዳቦ ፍርፋሪ የሚጨምር አለ፣ እንጀራ የሚቆርስም አይጠፋም።

መፍትሔው ምክር አይደለም፣ የምግቡን ቆርቆሮ መደበቅ ነው። ዓሦቹ በሁለት ደቂቃ የሚጨርሱትን ያህል ቁንጥር በሶፍት እየጠቀለሉ፣ በየጥቅሉ ላይ «ማክሰኞ»፣ «ዓርብ» ብሎ ጽፎ ማስቀመጥ፣ የቀረውን ቁም ሣጥን ውስጥ ቆልፎ መሄድ። በሳምንት ሁለት ወይም ሦስት ጥቅል ይበቃል። ከማብላት ይልቅ ተረካቢው በየቀኑ እንዲያይ የሚፈለገው ሌላ ነው፤ የሞተ ዓሣ ካለ ማውጣት፣ የውሃው ገጽ እየተንቀሳቀሰ መሆኑን ማየት፣ ዓሦቹ ሁሉ ላይ ወጥተው አፋቸውን ከፈት ዘጋ እያደረጉ ከሆነ ቶሎ መደወል። በኢሞ ወይም በቴሌግራም የሚላክ የግማሽ ደቂቃ ቪዲዮ ከብዙ ማብራሪያ ይሻላል።

ላይ ወጥቶ አፍን ከፈት ዘጋ ማድረግ የአየር እጥረት ምልክት ነው፣ እሱም የሙቀት ጉዳይ ነው። ውሃ ሲሞቅ የሚይዘው ኦክስጅን ይቀንሳል። በባሕር ጠለል ላይ 20 ዲግሪ የሆነ አንድ ሊትር ውሃ 9 ሚሊ ግራም ያህል ኦክስጅን ይይዛል፤ 30 ዲግሪ ሲደርስ 7.5 ገደማ ይሆናል። ድሬዳዋ ከባሕር ጠለል 1,200 ሜትር አካባቢ ከፍ ስለምትል ከዚህም ላይ ይቀነሳል፣ ወደ 6.5 ይወርዳል። ኦክስጅኑ በሚያንስበት ሰዓት ደግሞ የዓሣው ፍላጎት ይጨምራል። አዲስ አበባ ላይ ገንዳ የሚያሞቅ መሣሪያ ይገዛል፤ እዚህ በግንቦትና በሰኔ የቀን ሙቀቱ ከ35 ዲግሪ ሲያልፍ ችግሩ የተገላቢጦሽ ነው።

መስኮቱ ሁሉ የተዘጋ ቤት ከወትሮው በላይ ይግላል። ባቡሩ በ1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ ከደረሰ በኋላ ለገሀሩን ተንተርሶ በተቀየሰው ከዚራ፣ በዛፍ ጥላ ሥር ያሉት ጣሪያቸው ከፍ ያለ ባለ በረንዳ አሮጌ ቤቶች ለዓሣ ከቆርቆሮና ከብሎኬት ቤት ይሻላሉ። ያም ሆኖ ገንዳው የከሰዓት ፀሐይ ከሚመታው የምዕራብ ግድግዳ መራቅ አለበት። መጋረጃ ይዘጋ፣ የገንዳው መብራት ይጥፋ፤ መብራቱ ራሱ ያሞቃል፣ አልጌም ያበዛል። ቬንትሌተር ውሃው ላይ ቢነፍስ በትነት ሁለት ሦስት ዲግሪ ያወርዳል፤ ሰው በሌለበት ቤት ቀን ከሌት የሚሽከረከር ቬንትሌተር ግን የእሳት አደጋ ስላለው እኔ አልተወውም።

መብራት ሲጠፋ ምን ይሆናል? ፓምፑ ይቆማል፣ የውሃው ገጽ ይረጋል፣ ከአየር ወደ ውሃ የሚገባው ኦክስጅን ይቀንሳል። ዓሣ በዛ ያለበት ገንዳ በሞቃት ሌሊት ጥቂት ሰዓት ብቻ ይታገሣል። ተዘግቶ ከገንዳው ውጪ የሚቀመጥ ባለ ጣሳ ፊልተር ደግሞ ተጨማሪ መዘዝ አለው፤ ውስጡ ያሉት ባክቴሪያዎች ያለውን ኦክስጅን ጨርሰው ይታፈኑና፣ መብራት ሲመጣ የተበላሸው ውሃ ተመልሶ ገንዳው ውስጥ ይፈስሳል። መብራት በሚቆራረጥበት ከተማ ገንዳው ውስጥ የሚቀመጥ፣ በአየር ፓምፕ የሚሠራ ተራ ስፖንጅ ፊልተር ይሻላል። ርካሽ ነው፣ ውበት የለውም፣ ግን መብራት ቢጠፋም ስፖንጁ ዙሪያውን ከገንዳው ውሃ ጋር እንደተነካካ ይቆያል።

ለአየሩ የሚጠቅመው መብራት ሲጠፋ በራሱ ወደ ባትሪ የሚዞር የአየር ፓምፕ ነው። ታይዋን ገበያ ወርዶ መጠየቅ፣ ወይም ከጅቡቲና ከዱባይ የሚመጣ ዘመድን ማስቸገር ነው። በስልክ ፓወር ባንክ የሚሠሩ ትንንሽ ፓምፖችም አሉ፤ 10,000 ሚሊ አምፒር ሰዓት የሚል ፓወር ባንክ አንድ ዋት የሚበላን ፓምፕ ለአንድ ቀን ገደማ ያንቀሳቅሳል። ነገር ግን አንዳንድ ፓወር ባንኮች የሚወሰድባቸው ኃይል ትንሽ ሲሆን ስልኩ ሞልቷል ብለው ራሳቸውን ያጠፋሉ፤ ስለዚህ ከመሄድ በፊት አንድ ሙሉ ሌሊት ይሞከር። ይህ ሁሉ ከሌለ ተረካቢው በጣሳ ውሃውን እየቀዳ ከአንድ ክንድ ከፍታ መልሶ ያፍስሰው፤ አድካሚ ነው፣ ግን ይሠራል። ቤታና ጉራሚ የተባሉት ዓሦች ከውሃው በላይ ያለውን አየር ቀጥታ መተንፈስ ስለሚችሉ በጨለማው ሰዓት ከሌሎቹ ይተርፋሉ።

የድሬዳዋ ደረቅ አየር ውሃውንም ይጠጣዋል። ሲተን ካልሲየሙ ወደ ኋላ ስለሚቀር የቀረው ውሃ ይበልጥ ይከብዳል፤ ውሃው ከፓምፑ አፍ በታች ከወረደም ፓምፑ በባዶው ሠርቶ ይቃጠላል። ገንዳውን እስከ አፉ መሙላትና አየር የሚያስገባ ክፍተት ያለው ክዳን መግጠም ይበቃል። የኤሌክትሪክ ገመዱ ከሶኬቱ ዝቅ ብሎ ይንጠልጠል፤ ገመዱን ይዞ የሚወርድ ጠብታ ሶኬት ውስጥ ሳይገባ መሬት ላይ እንዲንጠባጠብ።

ብዙ ሰው በሚሄድበት ጠዋት ገንዳውን ያጥባል፣ ስፖንጁን በቧንቧ ውሃ ይፈትጋል፣ ለስንብት ብሎም ምግብ ያበዛል። የቧንቧው ክሎሪን ባክቴሪያውን ይገድላል፣ ምግቡ አሞኒያ ይሆናል፣ ባለቤቱም አውቶቡስ ላይ ነው። ከውሃው ሩቡን ወይም ሲሶውን መቀየር የሚገባው ሦስት አራት ቀን ቀደም ብሎ ነው፤ ስፖንጁም ከገንዳው በተቀዳ ውሃ ብቻ ይጨመቅ። አዲስ ዓሣ ከጉዞ በፊት ባሉት ሁለት ሳምንታት አይገዛ፤ በሽታ ቢያመጣ የሚያይ የለም።

የቧንቧ ውሃ ክሎሪኑ እንዲወጣ አንድ ቀን ማሳደር የተለመደ ነው፤ ለተረካቢው በባልዲ ወይም በበርሜል ውሃ አዘጋጅቶ መሄድም እንዲሁ። ድሬዳዋ ላይ ግን ይህ ውሃ ክፍት መተው የለበትም። ከተማዋ በ2006 ዓ.ም. ደንጊን፣ በ2011 ቺኩንጉንያን አይታለች፤ ሁለቱንም የምታስተላልፈው ትንኝ በየቤቱ በተጠራቀመ ውሃ ትራባለች። በ2014 ዓ.ም. ለተከሰተው የወባ ወረርሽኝ ምክንያት የሆነችው አኖፊለስ ስቴፈንሲም የደቡብ እስያ ተወላጅ ናት፤ በአገራችን መጀመሪያ የታየችው በ2009 ዓ.ም. ቀብሪ ደሀር ላይ ነው። እንደ ገጠሯ የወባ ትንኝ ረግረግ አትፈልግም፤ በርሜልና ሮቶ ይበቃታል። ስለዚህ ባልዲው ውሃው ካደረ በኋላ በጨርቅ ይታሰር፣ ሮቶው ይከደን።

ገንዳው ራሱ ዓሣ እስካለበት ድረስ የትንኝ መራቢያ አይሆንም፤ ዓሦቹ እጩን ይበሉታል። ቀደም ሲል በአሰብና በጅቡቲ አፋኒየስ ዲስፓር የተባለውን የቀይ ባሕር ዳርቻ ትንሽ ዓሣ ውሃ ማጠራቀሚያ ውስጥ በመልቀቅ ትንኝን ለመቆጣጠር ተሞክሯል። የሚያሰጋው ዓሦቹ አልቀው ውሃው ብቻ የቀረበት ገንዳ ነው።

ጉዞው ከሁለት ሳምንት የሚረዝም ከሆነ ዓሦቹን ከነፊልተራቸው ገንዳ ላለው ወዳጅ አደራ መስጠት የተሻለው መንገድ ነው። በጄሶ ተጋግሮ ቀስ እያለ ምግብ ይለቃል የሚባለውን ኩብ አልመክርም፤ ውሃ ያደፈርሳል፣ ስንት እንደተበላም አይታወቅም። በባትሪ የሚሠራ ራሱን የቻለ መጋቢ ይሻላል፤ ባለቤቱ ቤት እያለ ሳምንት ተሞክሮ፣ በትንሹ መጠን ተሞልቶ። የውሃው እንፋሎት ምግቡን አርጥቦ ቀዳዳውን ስለሚደፍነው ከክዳኑ ክፍተት ራቅ ብሎ ይተከል።

ሲመለሱ መጀመሪያ ቴርሞሜትሩን ማየት፣ ፓምፑን ማዳመጥ፣ ዓሦቹን መቁጠር። የጎደለ ካለ ሬሳውን ከድንጋዩና ከፊልተሩ ኋላ መፈለግ ያስፈልጋል፤ እዚያ ተወሽቆ የሚበሰብስ አንድ ሞሊ የሳምንት ምግብ ያህል አሞኒያ ይለቃል። ከዚያ ከውሃው ሩቡን መቀየር፣ በማግስቱ አንድ ቁንጥር ምግብ መስጠት። ወደ መስታወቱ እየሮጡ ሌላ ቢለምኑም እንኳ።