ኩላንት፦ በጓሳ ከፍታ የመኪና ማቀዝቀዣ ፈሳሽ አቀያየር

ኩላንት በሞተርና በራዲያተር መካከል እየዞረ የሞተሩን ትርፍ ሙቀት ወደ ውጭ የሚያወጣ ፈሳሽ ነው። ዋናው ንጥረ ነገሩ ኤቲሊን ግላይኮል ይባላል፤ ቀለም አልባ፣ ወፈር ያለ፣ ሲቀመስ የሚጣፍጥ ነገር ግን መርዛም ኬሚካል ነው። ውሃ፣ የዝገት መከላከያ ቅመምና ማቅለሚያ ሲጨመርበት ኩላንት ይሆናል። ሞተር ከሚያቃጥለው ነዳጅ ጎማ ለማዞር የሚውለው ጉልበት ጥቂቱ ነው። ሲሶ ያህሉ ሙቀት ከጭሱ ጋር ይወጣል፤ ሌላ ሲሶ የሚጠጋውን ደግሞ ይህ ፈሳሽ ተሸክሞ ካላወጣው ቴስታታው ይጣመማል፣ ጓርኒሲዮኑ ይነዳል፣ ባለመኪናውም ለሞተር እድሳት ይዳረጋል። በአዲስ አበባ ጎዳናዎች ለብዙ ዘመን የታየው አሮጌው ቮልስ ከዚህ ጣጣ ነፃ ነው፤ ሞተሩን የሚያቀዘቅዘው አየር ስለሆነ ራዲያተር የለውም።

ኤቲሊን ግላይኮል በ19ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ በፈረንሳዊው ኬሚስት ሻርል አዶልፍ ቩርትዝ የተሠራ ሲሆን ለመኪና በሰፊው መሸጥ የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ ነው። ከዚያ በፊት የቀዝቃዛ አገር ሹፌሮች ራዲያተር ውስጥ ውሃው እንዳይረጋ አልኮል ይጨምሩ ነበር፤ አልኮል ግን ሞተሩ በሞቀ ቁጥር እየተነነ ያልቅባቸው ነበር። ኩላንት በመጀመሪያ የተፈለገው እንግዲህ ለውርጭ ነበር። ይህ ታሪኩ በኢትዮጵያ ሳይጎዳው አልቀረም። በአዋሽ ወይም በድሬዳዋ ውሃ በረዶ ስለማይሆን ብዙ ሹፌር ኩላንትን የፈረንጅ አገር ቅንጦት አድርጎ ይቆጥረዋል፤ ራዲያተሩንም ከቧንቧ ወይም ከመንገድ ዳር ወንዝ በተቀዳ ውሃ ይሞላዋል።

በሰሜን ሸዋ፣ በመንዝ ምድር፣ ይህ አስተሳሰብ አያዋጣም። የጓሳ አምባ ከባሕር ጠለል በላይ ከ3,200 እስከ 3,700 ሜትር ይደርሳል። በበጋው ወራት፣ በተለይ በኅዳርና በታኅሣሥ፣ ሌሊቱ ከዜሮ ዲግሪ በታች ስለሚወርድ የጓሳው ሣር በአመዳይ ነጥቶ ያነጋል። ውሃ ወደ በረዶ ሲለወጥ መጠኑ በ9 በመቶ ገደማ ያድጋል። ብርዱ ከዜሮ በታች በጥቂት ዲግሪ ብቻ የሚወርድና ለጥቂት ሰዓት የሚቆይ በመሆኑ ወፍራሙ የሞተር ብሎክ በቀላሉ አይሰነጠቅም። ቀድመው የሚጎዱት የራዲያተሩ ቀጫጭን ቱቦዎች ናቸው። ቱቦዎቹ ባይፈነዱ እንኳ ግማሹ የረጋ ውሃ መተላለፊያውን ስለሚዘጋው ሞተሩ በተነሣ በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ሊግል ይችላል። አመዳይ በሞላበት ማለዳ መኪና አፈላ ሲባል የሰማ ሰው ቢገረም አይፈረድበትም፤ ነገሩ ግን እውነት ነው።

ከውርጩ ይልቅ በዚህ አገር ብዙ ሞተር የሚያጠፋው መፍላት ነው። ከፍታ በጨመረ ቁጥር የአየር ግፊት ይቀንሳል፤ ግፊት ሲቀንስ ደግሞ ውሃ ቶሎ ይፈላል። በባሕር ጠለል በ100 ዲግሪ የሚፈላው ውሃ በ3,300 ሜትር ላይ 89 ዲግሪ ሲደርስ ይንተከተካል። የመንዝ ንፍሮ ከሸዋ ሮቢት ንፍሮ ይልቅ ለመብሰል የሚዘገየው በዚሁ ምክንያት ነው፤ ውሃው ይፈላል እንጂ አይግልም። የብዙ መኪና ሞተር በደህና ጊዜ የሚሠራው በ80ዎቹና በ90ዎቹ ዲግሪ መካከል ስለሆነ፣ ክዳን በሌለው ራዲያተር ውስጥ ያለ ውሃ በጓሳ ላይ ገና በመደበኛው ሙቀት ይፈላል ማለት ነው።

ይህን የሚከላከለው የራዲያተሩ ክዳን ነው። ክዳኑ እንደ ፕሬዠር ድስት ግፊቱን ያፍናል። ብዙዎቹ የጃፓን መኪኖች ክዳን ላይ 0.9 ወይም 1.1 የሚል ቁጥር ይነበባል፤ ከውጭው አየር በላይ ስንት ያህል ግፊት እንደሚይዝ የሚናገር ነው። 0.9 የሚለው ክዳን በጓሳ ከፍታ የንጹሕ ውሃን መፍያ ወደ 112 ዲግሪ፣ ግማሽ በግማሽ የተቀላቀለ ኩላንትን ደግሞ ወደ 120 ዲግሪ ገደማ ያደርሰዋል። ያው ክዳን በባሕር ጠለል ላይ ቢሆን ለእያንዳንዳቸው 6 ዲግሪ ያህል ይጨምርላቸው ነበር። ጎማው የደረቀ፣ ስፕሪንጉ የላላ ክዳን ግን ይህን ሁሉ ያሳጣል። ኩላንት ሲቀየር ክዳኑም ቢቀየር ወጪው ትንሽ ነው፤ በደጋ አገር ደግሞ ከኩላንቱ የማይተናነስ ዋጋ አለው።

ፈተናው የሚጠነክረው ከቆላ ሲወጣ ነው። ከሸዋ ሮቢት የተነሣ መኪና ከ1,300 ሜትር ገደማ ጀምሮ በደብረ ሲና በኩል ጣሊያን ከቆፈረው የጣርማ በር ዋሻ ሲደርስ ከ3,000 ሜትር በላይ ወጥቷል። ሽቅቡ ማርሽ አስቀንሶ ሞተሩን ያስጨንቃል፤ ፍጥነት ስለሌለ ወደ ራዲያተሩ የሚገባው ነፋስ ያንሳል፤ አየሩም ከፍ በተባለ ቁጥር እየሳሳ ሙቀት የመሸከም አቅሙ ይቀንሳል። በዚህ መንገድ ኮፈኑን ከፍቶ ዳር የቆመ ኤንፒአር የጭነት መኪና ማየት እንግዳ አይደለም። ከዋሻው አፋፍ ወደ መንዝ፣ ወደ መሐል ሜዳ የሚታጠፈው ደግሞ በቀን ሞተሩ ግሎ በወጣበት ፈሳሽ ሌሊቱን በውርጭ ያድራል።

ሦስተኛው የኩላንት ሥራ ዝገት መከላከል ነው። የዛሬ ሞተር ብረት፣ አሉሚኒየም፣ መዳብና ጎማ ተቀላቅለው የተሠሩበት ስለሆነ ተራ ውሃ አንዱን ከሌላው ጋር እያገናኘ ይበላቸዋል። የጉድጓድ ወይም የወንዝ ውሃ በተጨማሪ ካልሲየም ያዘለ ስለሆነ ጀበና ውስጥ የሚጋገረው ዓይነት ነጭ ቅርፊት በሞተሩ የውሃ መተላለፊያ ላይ ይጋገራል። ቅርፊቱ ሙቀት አያሳልፍም። የዝገት መከላከያው ቅመም ግን እየሠራ ያልቃል፤ ግላይኮሉ ለዓመታት ሳይበላሽ ቢቆይም ኩላንት በየጊዜው የሚቀየረው ለዚህ ነው።

በመካኒኮች ዘንድ የተለመደ አንድ ስሕተት እዚህ ላይ መነሣት አለበት። እሱም ሞተር ሲሞቅ ቴርሞስታቱን አውጥቶ መጣል ነው። ቴርሞስታት ሞተሩ እስኪሞቅ ፈሳሹን ከራዲያተር የሚያግድ፣ በ82 ዲግሪ አካባቢ የሚከፈት በር ነው። እሱ የሌለው ሞተር በቆላ ለጊዜው ይተነፍስ ይሆናል፤ በጓሳ ብርድ ግን ተገቢውን ሙቀት ሳያገኝ ይውላል፣ ነዳጅ ይበላል፣ ሲሊንደሩ ቶሎ ያልቃል። የተጣለ ቴርሞስታት ካለ ኩላንት የሚቀየርበት ዕለት በአዲስ ቢተካ ይበጃል።

ኩላንት በሱቅ አረንጓዴ፣ ቀይ፣ ሮዝ፣ ብርቱካናማና ሰማያዊ ሆኖ ይገኛል። ቀለሙ ግን የአምራቹ ምርጫ እንጂ የዓይነቱ ዋስትና አይደለም፤ መነበብ ያለበት በዕቃው ላይ የተጻፈው ነው። የቀድሞው ዓይነት በሁለት ዓመት ወይም በ40,000 ኪሎሜትር ገደማ ይቀየራል። የቶዮታ ቀዩ ኩላንት ከዚህ ይመደባል። ሮዙ የቶዮታ ኩላንት ከፋብሪካው ግማሽ በግማሽ ተበጥብጦ የሚመጣ ነው፤ አዲስ መኪና ላይ 160,000፣ ከዚያ ወዲያ በየ80,000 ኪሎሜትሩ ይለወጣል። የተለያዩ ዓይነቶችን ማደባለቅ ቅመሞቹን ያጣላል፤ አንዳንዱም እንደ ጭቃ ይዘቅጣል።

ያልተበጠበጠ ኩላንት ከሆነ ግማሽ ኩላንት ግማሽ ውሃ ጥሩ ልክ ነው። ይህ ድብልቅ እስከ 37 ዲግሪ ከዜሮ በታች አይረጋም፤ ለጓሳ ውርጭ ሲሶ ኩላንት እንኳ ይበቃ ነበር፣ መፍላትንና ዝገትን ለመከላከል ግን ግማሽ ይሻላል። ይበልጥ ቢበዛ ይበልጥ ይጠቅማል ማለት አይደለም። ንጹሕ ግላይኮል ከውሃ ያነሰ ሙቀት ከመሸከሙም በላይ በ13 ዲግሪ ገደማ ከዜሮ በታች ራሱ ይረጋል። ለመበጥበጫ የሚሆነው የተጣራ ውሃ ለባትሪ መሙያ ከሚሸጥበት ሱቅ ይገኛል፤ አጠገቡ የሚደረደረው የባትሪ አሲድ በስሕተት እንዳይገዛ መጠንቀቅ ያስፈልጋል። እሱ ከታጣ ክረምቱ ጣሪያውን ካጠበው በኋላ ከቆርቆሮ የተጠራቀመ የዝናብ ውሃ ከወንዝ ውሃ እጅግ ይሻላል።

ሥራው የሚጀመረው ሌሊቱን በቆመ፣ ፍጹም በቀዘቀዘ ሞተር ነው። መኪናው ሜዳ ላይ ቆሞ የእጅ ፍሬን ይያዛል፣ ጎማው በድንጋይ ይደገፋል። በሞቀ ሞተር ላይ ክዳን ከተከፈተ ታፍኖ የነበረው ፈሳሽ በቅጽበት ፈልቶ ፊት ላይ ይረጫል፤ ብዙ ረዳት የተቃጠለው በዚህ ነው። ሳፋ፣ ፒንሳ፣ ካቻቪቴ፣ ጓንት፣ መለኪያ ያለው ጄሪካንና ኩላንቱን ለመጨመር የሚያገለግል የተቆረጠ የሃይላንድ ጠርሙስ አንገት ቢዘጋጁ በቂ ነው።

ክዳኑ ከተከፈተ በኋላ ከራዲያተሩ ግርጌ ያለው ማፍሰሻ በእጅ ይላላል፤ ማፍሰሻ ከሌለው ወይም ከደረቀ የታችኛው የራዲያተር ጎማ ፋሼታው ተላልቶ ይነቀላል። የመኪናው ማሞቂያ ወደ ሙቅ ከዞረ በውስጡ የቀረውም ይወጣል። የሚወርደው ፈሳሽ ብዙ ይናገራል። ቀለሙን የጠበቀ ከሆነ ቅመሙ ገና አላለቀ ይሆናል፤ እንደ ቡና የጠቆረ ዝገት ነው፤ ወተት መስሎ ዘይት የተንሳፈፈበት ግን ጓርኒሲዮኑ ስለተበላሸ ኩላንት መቀየሩ ብቻውን አይፈታውም።

ቀጥሎ ንጹሕ ውሃ ተሞልቶ፣ ሞተሩ ለጥቂት ደቂቃ ሠርቶ፣ ሲቀዘቅዝ ይደፋል። የሚወጣው ውሃ እስኪጠራ ይደጋገማል። በጓሳ አንድ ጥንቃቄ ይጨመራል፦ ሥራው በዚያው ቀን ካላለቀ የማጠቢያው ውሃ ተሟጦ መፍሰስ አለበት፤ ውሃ ብቻ የያዘ ሞተር ሌሊቱን ውጭ ማደር የለበትም። ከማጠቢያው ጥቂቱ ሁልጊዜ በብሎኩ ውስጥ ስለሚቀር፣ መጀመሪያ ከሙሉው መጠን ግማሹን ያህል ያልተበጠበጠ ኩላንት ጨምሮ የቀረውን በተጣራ ውሃ መሙላት ይሻላል። ትንሽ የቤት መኪና 5 ሊትር ገደማ ይይዛል፤ ላንድክሩዘር ከ10 ሊትር ያልፋል።

አስቸጋሪው ክፍል አየር ማስወጣቱ ነው። የታፈነ አየር ካለ ፈሳሹ ሳይዞር ሞተሩ ይግላል፤ የሙቀት መለኪያው ደግሞ ፈሳሽ ካልነካው አያሳይም። የላይኛው የራዲያተር ጎማ በእጅ እየተጨመቀ አረፋው እስኪያልቅ ይሞላል፤ ከዚያ ክዳኑ ሳይከደን ሞተሩ ተነሥቶ ቴርሞስታቱ እስኪከፈት ይጠበቃል። የላይኛው ጎማ በድንገት ሲሞቅ መከፈቱ ይታወቃል፤ ፈሳሹም ዝቅ ስለሚል ይጨመራል። በቆላ ለዚህ ሥራ ሰፊ ጊዜ አለ። በጓሳ ግን ግማሽ በግማሹ ድብልቅ ያለ ክዳን ከ95 ዲግሪ እምብዛም ሳያልፍ ስለሚፈላ፣ በቴርሞስታቱ መከፈትና በመፍላቱ መካከል ያለው ጊዜ አጭር ነው። ፊትን አርቆ፣ ጎማው እንደሞቀ ሞልቶ ወዲያው መክደን ያስፈልጋል። የቀረው አየር ሞተሩ ሲሞቅና ሲቀዘቅዝ በመጠባበቂያው ጋን በኩል ይወጣል፤ ጋኑም ከላይኛውና ከታችኛው ምልክት መካከል ይሞላል።

አሮጌው ፈሳሽ ሣር ላይ ወይም ጅረት ውስጥ አይደፋም። ጓሳ የመንዝ ገበሬዎች ቄሮ በሚባለው ባህላዊ ሥርዓት ለመቶዎች ዓመታት የጠበቁት ሣር፣ ቀይ ቀበሮና ጭላዳ የሚኖሩበት፣ ወደ ዓባይና ወደ አዋሽ የሚወርዱ ጅረቶች የሚመነጩበት ነው። ግላይኮል አፈር ውስጥ በጊዜ ይፈርሳል፤ ከራዲያተሩ የተፋቀው እርሳስና መዳብ ግን አይፈርስም። ጣዕሙ ጣፋጭ ስለሆነ ውሻም ከብትም ይልሰዋል። ከሁሉ የሚያስፈራው ሃይላንድ ውስጥ ተቀድቶ ቤት የተቀመጠው ነው፤ ቀዩም አረንጓዴውም ለሕፃን ዓይን ለስላሳ ነው። መቶ ሚሊ ሊትር ያህሉ አዋቂ ሰው ሊገድል ይችላል፣ ለሕፃን ደግሞ በጣም ጥቂቱ ይበቃል። የጠጣ ሰው መጀመሪያ የሰከረ ይመስላል፣ ከዚያ የተሻለው መስሎ በቀናት ውስጥ ኩላሊቱ ሥራ ያቆማል፤ ምልክት ሳይጠበቅ ወዲያውኑ ወደ ሆስፒታል መወሰድ አለበት። የፈሰሰውን ክዳኑ በሚጠብቅ ጄሪካን ዘግቶ፣ መርዝ ብሎ ጽፎበት፣ ወደ ከተማ ሲወረድ ለሚቀበል ጋራዥ መስጠት ተገቢ ነው።

በማግስቱ ጠዋት፣ ሞተሩ ሳይነሣ፣ ክዳኑ ተከፍቶ መጠኑ ይታያል፤ በመጀመሪያው ሳምንት ትንሽ ቢጎድል የወጣው አየር ነው፣ ከዚያ በኋላም ከጎደለ ግን የሚያፈስ ቦታ አለ። የተቀየረበት ቀን፣ ኪሎሜትሩና የኩላንቱ ዓይነት በወረቀት ተጽፎ ኮፈኑ ውስጥ ቢለጠፍ ቀጣዩ መካኒክ የተሳሳተ ዓይነት አይጨምርበትም።