ስለ ሁለገብ ሜዳ፤ ከጣና ዳርቻ እስከ ኮሌጁ

«ሁለገብ ስታዲየም» የሚባለው ስም ዛሬ በየከተማው ይሰማል። ስሙን ስንመረምረው ግን ሁለገብነቱ ብዙ ጊዜ የሚቈጠረው በስፖርቱ ዓይነት ብቻ ነው፤ ይኸውም መካከሉ ለእግር ኳስ፣ ዙሪያው ለሩጫ፣ ጥጉ ለዝላይና ለውርወራ ማለት ነው። እኛ በዚህ አጭር ጽሑፍ የምንመለከተው ሜዳ ከስፖርት ሌላ ለምን ለምን እንደሚያገለግል ነው።

የባሕር ዳርን ስታዲየም ለምሳሌ እንውሰድ። ኅዳር 9 ቀን 2012 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ብሔራዊ ቡድን የኮትዲቯርን ቡድን 2 ለ 1 ያሸነፈው በዚህ ሜዳ ነው። መስከረም 29 ቀን 2014 ዓ.ም. ደቡብ አፍሪካን ካስተናገደ በኋላ ግን የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ሜዳው ደረጃውን አያሟላም ስላለ፣ በኅዳር ወር ከጋና ጋራ የነበረው ግጥሚያ ወደ ጆሃንስበርግ ተዛወረ። ኮንፌዴሬሽኑ ከስታዲየም የሚጠይቀው ወንበር፣ መብራት፣ የመልበሻ ክፍል፣ የሕክምና ክፍልና ይህን የመሰለ ሁሉ ነው። ደንቡን አንነቅፍም። ነገር ግን በዚህ መለኪያ ሕዝቡ ተቀምጦ ከማየት በቀር ሌላ ሥራ የለውም።

ከባሕር ዳር በጀልባ ወደ ሐይቁ ምዕራብ ተሻግረን ቁንዝላን በመሰለ የጣና ዳር አገር የገጠሩን ሜዳ ብናይ ነገሩ ሌላ ነው። ሐይቁ በክረምት ማብቂያ ሞልቶ በበጋ ሲሸሽ የሚተወው ሣር አስቀድሞ የከብት ግጦሽ ነው፤ እህል ታጭዶ ታኅሣሥ 29 ሲደርስ ያው ግጦሽ የገና መጫወቻ ይሆናል። መስመር የሚያሰምር፣ ተጫዋች የሚቈጥር የለም። ላይ ቤትና ታች ቤት ተባብለው ይከፈሉና ጫፉ በቆለመመ ዱላ ሩሯን ወደ ባላጋራ ወሰን ይሰዳሉ። (ቅልጥም የሚሰበርበት ጊዜም አለ፤ እናቶች ጨዋታውን ባይወዱ አይፈረድባቸውም።) ጥር 11 ቀን ፈረሰኞች ጉግስ የሚገጥሙት፣ የታወቀ ሰው ሲሞትም ለቅሶው የሚወጣው እንዲህ ባለው ሜዳ ነው።

ከሁሉ ይልቅ ልብ ልንለው የሚገባ አንድ ልማድ አለ። በገና ቀን ተጫዋቹ ጌታውን በግጥም ሊነካው፣ ንፉግነቱን በአደባባይ ሊነግረው ይችላል፤ ጌታውም አይቈጣም፤ ቢቈጣ ነውሩ የራሱ ነው። በሌላው ቀን ግን ይኸው ቃል ያስቀጣ ነበር። እንግዲህ ሜዳው ከጕልበት ሌላ የአንደበትም መፈተኛ ነበር ማለት ነው።

በ1943 ዓ.ም. የተከፈተው የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅም የራሱ የጨዋታ ቀን ነበረው። «የኮሌጅ ቀን» የሚባለው በዓል በስፖርት ውድድርና በግጥም ይከበር ነበር፤ ንጉሠ ነገሥቱም ይገኙበት ነበር። ኮሌጁ ልማዱን ከገና ወሰደ ለማለት አንደፍርም፤ ገና ሲጫወት ያደገ ተማሪ ግን የጨዋታ ቀን የመናገርም ቀን መሆኑን አስተማሪ ሳይነግረው ያውቀዋል። ታምሩ ፈይሳ «ደሃው ይናገራል» የተባለውን ግጥሙን በዚሁ በዓል ያሰማው በ1953 ዓ.ም.፣ የታኅሣሡ የመፈንቅለ መንግሥት ሙከራ ከከሸፈ ከጥቂት ወራት በኋላ ነው። በግጥሙ የሚናገረው ራሱ ድኻው ነው፤ የሚናገረውም ስለ ኑሮው ጕስቍልና ነው።

ዛሬ ለዩኒቨርሲቲ ሁለገብ ሜዳ ንድፍ የሚያወጡ ባለሙያዎች የመሮጫውን ስፋትና የወንበሩን ቍጥር ጠንቅቀው ያስባሉ። ግጥም አንባቢው የት ቆሞ፣ ማን እንዲሰማው ሆኖ እንደሚያነብም በዚያው ንድፍ ላይ ቢያስቡበት እንወዳለን።